ጁሊዮ ሴዛር ቻቬዝን በየትኛው ግጥሚያ ማየት ይጀምራሉ? ስድስት ምርጫዎች ሲነጻጸሩ

ጁሊዮ ሴዛር ቻቬዝ ከ1980 እስከ 2005 ድረስ በፕሮፌሽናል ቦክስ 115 ጊዜ ሪንግ ውስጥ ገብቷል (ዓመታቱ፣ ወራቱና ቀናቱ በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው)። 107 ጊዜ አሸንፏል፣ 6 ጊዜ ተሸንፏል፣ 2 ጊዜ አቻ ወጥቷል። ይህን ሁሉ ቁጭ ብሎ የሚያይ ሰው ስለማይገኝ አብዛኛው ተመልካች የሚያየው ጓደኛ የላከለትን ቁራጭ ቪዲዮ ነው። የሚላከው ደግሞ ብዙውን ጊዜ ከሁለት አንዱ ነው፦ የ1990ው የሜልድሪክ ቴይለር ግጥሚያ የመጨረሻ ደቂቃ፣ ወይም በ1996 ኦስካር ደ ላ ሆያ ፊቱን በደም ያጠበበት ምሽት። የመጀመሪያውን ያየ «ዳኛ ያሸነፈለት ሰው» ይላል። ሁለተኛውን ያየ «ሜክሲኮዎች ታላቃችን የሚሉት ይህን ነው?» ይላል።

ሁለቱም አባባሎች የመጡት ሥራውን ከተሳሳተ ቦታ ጀምሮ ከማየት ነው። ከዚህ በታች ስድስት ግጥሚያዎችን በተመሳሳይ መመዘኛ አስቀምጠናል። አንባቢው የቦክስ ወዳጅ፣ ተለማማጅ፣ አሰልጣኝ ወይም ክርክር ላይ ያለ ሰው ሊሆን ስለሚችል ለሁሉም የሚሆን አንድ መልስ የለም።

በምን እንመዝን?

መጀመሪያ የሚታየው የቻቬዝ ሰውነት ነው። በሶኖራ ግዛት በሲውዳድ ኦብሬጎን በሐምሌ 1962 ተወልዶ በኩሊያካን፣ ሲናሎአ አደገ። የመጀመሪያውን የዓለም ቀበቶ በ1984 ሎስ አንጀለስ ላይ ማሪዮ ማርቲኔዝን በ8ኛው ዙር አሸንፎ ሲወስድ የሚገጥመው በ59 ኪሎ ነበር። በኋላ በ61.2 እና በ63.5 ኪሎም የዓለም ሻምፒዮን ሆነ። ክብደት በጨመረ ቁጥር የተጋጣሚው ቁመትና ጉልበት ይጨምራል፤ ዕድሜውም አብሮ ይሄዳል። ስለዚህ በየትኛውም ግጥሚያ «በስንት ዓመቱ? በስንት ኪሎ?» ብሎ መጠየቅ ያስፈልጋል። የደመቀበት ዘመን በግምት ከ1984 እስከ 1992 ያለው ነው።

ቀጥሎ የተጋጣሚው ደረጃ በዚያው ምሽት ምን እንደነበረ ይታያል። ስም አይበቃም፤ ያለፈበት ታዋቂ ሰውና ገና በጉልበቱ ያለ ሻምፒዮን አንድ አይደሉም። ከ107ቱ ድሎች ውስጥ በጀማሪነቱ ዘመን የተገኙት ብዙዎቹ በደካማ ተጋጣሚ ላይ የተገኙ መሆናቸው እውነት ነው። ለዓለም ቀበቶ የገጠመው ግን 37 ጊዜ ነው፤ መመዘን ያለበትም በእነዚያ ነው።

ሦስተኛው መመዘኛ ምን ያህል ጥበብ ይታያል የሚለው ነው። የቻቬዝ ጥበብ አራት ነገር ነው፦ በግራ እጅ ወደ ጉበት የሚገባ ሁክ (ክንድ ታጥፎ ከጎን የሚመታ ቡጢ)፣ ተጋጣሚን ሳያሳድዱ መንገድ መዝጋት፣ በቅርብ ርቀት በትንሽ የጭንቅላት እንቅስቃሴ ቡጢ ማሳለፍ፣ እና አጭር የቀኝ ቡጢ። አራተኛው መመዘኛ ውጤቱ ያከራክራል ወይስ አያከራክርም የሚለው ነው። የመጨረሻው ጊዜ ነው፤ ሙሉ የ12 ዙር ግጥሚያ 36 ደቂቃ ፍልሚያና 11 ደቂቃ ዕረፍት፣ በጠቅላላው 47 ደቂቃ ይወስዳል።

ኤድዊን ሮዛሪዮ፣ ኅዳር 1987፣ ላስ ቬጋስ

አንድ ግጥሚያ ብቻ የማየት ዕድል ካለዎት ይህ ነው። ይህን የምንለው ከተለመደው ምክር ወጥተን ነው፤ አብዛኛው ሰው ቴይለርን ያስቀድማል።

ሮዛሪዮ የፖርቶ ሪኮ ሰው፣ የ61.2 ኪሎ ሻምፒዮን፣ በቡጢው የሚፈራ ነበር። ቀበቶውን በ1986 የወሰደው ሊቪንግስተን ብራምብልን በ2ኛው ዙር በዝረራ ጥሎ ነው። ቻቬዝ የ25 ዓመት ወጣት ሲሆን ከ59 ኪሎ ወጥቶ ገና መምጣቱ ነበር። በወረቀት ሲታይ ጉልበቱ የሮዛሪዮ ነው። ግጥሚያው ግን በ11ኛው ዙር ሲቋረጥ የሮዛሪዮ ዓይን አብጦ ተደፍኖ ነበር። ስለ ዳኝነት አንድም ጥያቄ አልተነሳም።

ጥበቡ ከሁሉም በላይ የሚነበበው እዚህ ነው፤ ምክንያቱም ሮዛሪዮ አይሸሽም። ሁለቱ በክንድ ርቀት ስለሚቆሙ እያንዳንዱ እንቅስቃሴ በካሜራው ፊት ይፈጸማል። የጉበት ሁኩን ደረጃ በደረጃ ለማየት እነዚህን ይከታተሉ፦

1. ቻቬዝ መጀመሪያ ወደ ተጋጣሚው ፊት ቡጢ ይልካል። ዓላማው መምታት ብቻ አይደለም፤ ተጋጣሚው ፊቱን ሲከላከል የቀኝ ክርኑ ከጎድን አጥንቱ ይነሳል።
2. ጭንቅላቱን ወደ ራሱ ግራ፣ ከተጋጣሚው ቀኝ እጅ ውጭ ያሳልፋል። ክብደቱ በግራ እግሩ ላይ ይወርዳል።
3. የግራ እግሩ ግማሽ እርምጃ ወደ ፊትና ወደ ጎን ይገባል። ቡጢው ኃይል የሚያገኘው ከዚህች እርምጃ ነው።
4. የሚታጠፈው ጉልበቱ ነው፤ ወገቡ አይጎነበስም። ቡጢው ከታች ወደ ላይ በሰያፍ ወጥቶ ከመጨረሻዎቹ የጎድን አጥንቶች ሥር ያርፋል። ጉበት የሚገኘው በሰውነት ቀኝ በኩል ስለሆነ ለቀኝ እጅ ቦክሰኛ የቀረበው የግራ እጁ ነው።
5. ቀኝ ጓንቱ ከጉንጩ አይለይም። ተጋጣሚው ክርኑን ወደ ታች ሲመልስ ያው ግራ እጅ ሁለተኛ ጊዜ ወደ ተጋጣሚው ፊት ይወጣል።

በመጀመሪያዎቹ ሦስት ዙሮች ይህ ሥራ ብዙም ለውጥ ያመጣ አይመስልም። ትዕግሥት የሚያስፈልገው እዚህ ላይ ነው። የአካል ቡጢ ውጤት የሚታየው ዘግይቶ ነው፤ እግር ይከብዳል፣ እጅ ይወርዳል፣ ከዚያ ፊት ክፍት ይሆናል። ምርጥ ምርጡ ተቆርጦ የተቀጣጠለ ቪዲዮ የሚያሳየው መጨረሻውን ብቻ ስለሆነ ምክንያቱን ይደብቃል።

ሜልድሪክ ቴይለር፣ መጋቢት 1990፣ ላስ ቬጋስ

ሁለቱም ያልተሸነፉ፣ ሁለቱም የ63.5 ኪሎ ሻምፒዮኖች ነበሩ። ቴይለር በ1984 ኦሎምፒክ የወርቅ ባለቤት ነው፤ እጁ እጅግ ፈጣን ነበር። እስከ 11ኛው ዙር ድረስ በሁለት ነጥብ ሰጪ ዳኞች ወረቀት በሰፊው ይመራ ነበር፦ 107 ለ102 እና 108 ለ101። ሦስተኛው ብቻ 105 ለ104 ለቻቬዝ ሰጥቷል። ቴይለር 12ኛውን ዙር በእግሩ ቆሞ ቢጨርስ ቀበቶዎቹ የሱ ነበሩ።

አልጨረሰም። ዙሩ ሊያልቅ ሴኮንዶች ሲቀሩ የቻቬዝ ቀኝ እጅ ጣለው። ተነሳ። የመድረክ ዳኛው ሪቻርድ ስቲል ቆጥሮ ሲጨርስ ደህና መሆኑን ሁለት ጊዜ ጠየቀው፤ በዚያው ቅጽበት አሰልጣኙ ሉ ዱቫ ወደ ሪንጉ ጠርዝ ወጥቶ ስለነበር ቴይለር ወደዚያ ዞሮ ሳይመልስ ቀረ። ስቲል ግጥሚያውን አስቆመው። ሰዓቱ 2 ደቂቃ ከ58 ሴኮንድ ይላል።

ክርክሩ እስከ ዛሬ አልቆመም፤ ይህ መመሪያም አያቆመውም። ግን ሁለት ነገር ለይቶ መያዝ ይጠቅማል። ዳኛው እንዲያይ የሚጠበቅበት የቦክሰኛውን ሁኔታ እንጂ ሰዓቱን አይደለም፤ በዚህ በኩል ስቲል ትክክል ነው ማለት ይቻላል። በሌላ በኩል ሁለት ሴኮንድ በቀረው ግጥሚያ ቻቬዝ ሌላ ቡጢ ለማሳረፍ ጊዜ አልነበረውም። ከሁለቱ አንዱን ብቻ ይዞ የሚከራከር ሰው ግጥሚያውን ሙሉ አላየውም ማለት ነው። ሙሉውን ያየ የቴይለር ፊት ከዙር ወደ ዙር ሲያብጥና አፉ ሲደማ ይመለከታል። ግጥሚያው እንዳለቀ ሆስፒታል ገባ፤ ዓይኑ ዙሪያ አጥንት ተሰብሮ ነበር። ብዛት ያለው ቡጢ ነጥብ አስገኘ፣ ክብደት ያለው ቡጢ ሰውን ጎዳ። የዚህ ግጥሚያ ሙሉ ትርጉም በዚህ ልዩነት ውስጥ ነው።

ለጀማሪ ግን የመጀመሪያ ምርጫ አይሆንም። ለ11 ዙር የሚያዩት ቻቬዝ በፍጥነት ተበልጦ ወደ ኋላ የቀረ ሰው ነው፤ ጥበቡን ከሌላ ቦታ ካላወቁት እዚህ አያዩትም።

ሄክተር ካማቾ፣ መስከረም 1992፣ ላስ ቬጋስ

ካማቾ ግራኝ፣ ፈጣንና አምልጦ የሚኖር ቦክሰኛ ነበር። ቻቬዝ በ30 ዓመቱ 12ቱንም ዙር አሳድዶት በሦስቱም ዳኞች በሰፊ ነጥብ አሸነፈ። «አሳድዶት» ስንል ግን ተከትሎ በመሮጥ አይደለም። ካማቾ ወደ ግራ ሊወጣ ሲል የቻቬዝ እግር ቀድሞ እዚያ ይቆማል። ተጋጣሚው የነበረበትን ሳይሆን የሚሄድበትን ቦታ ይይዛል፤ ከሦስትና አራት እርምጃ በኋላ ካማቾ ጀርባው ገመድ ላይ ነው።

ይህን ለማየት ዓይንዎን ከወገብ በታች ያኑሩ፤ እጆቹን ለአንድ ሙሉ ዙር ይርሷቸው። ደስታ የሚፈልግ ተመልካች ግን ይሰለቻል፤ ካማቾ ለመትረፍ ቻቬዝን ብዙ ጊዜ አቅፎ ይይዛል፣ ዝረራም የለም።

ግሬግ ሃውገን፣ የካቲት 1993፣ ሜክሲኮ ሲቲ

በቦክስ ረገድ ከስድስቱ በጣም ትንሽ የሚያስተምረው ይህ ነው። ሃውገን ጠንካራና የቀድሞ ሻምፒዮን ቢሆንም የቻቬዝ አቻ አልነበረም፤ ገና ግማሽ ደቂቃ ሳይሞላ ወደቀ፣ በ5ኛው ዙር ተቋረጠ።

ታዲያ ለምን እዚህ ገባ? በአዝቴካ ስታዲየም ከ130,000 በላይ ሰው ስለነበረ ነው። ሃውገን ከግጥሚያው በፊት ቻቬዝ የሚያሸንፈው የቲዋና ታክሲ ነጂዎችን ነው ብሎ ተሳልቆ ነበር፤ ከሽንፈቱ በኋላ ታክሲ ነጂዎቹ ብርቱ ሰዎች መሆን አለባቸው ብሎ አመነ። ይህ ሰው ለሜክሲኮ ምን እንደነበረ መጠየቅ የሚፈልግ 18 ደቂቃ ገደማ ይበቃዋል። ከመግቢያው ሰልፍ ጀምሮ የሚያሳይ ቅጂ ከተገኘ ደግሞ ከፍልሚያው ይልቅ መግቢያው ይሻላል።

ፐርኔል ዊታከር፣ መስከረም 1993፣ ሳን አንቶኒዮ

ቻቬዝ አራተኛ ክብደት ፈልጎ ወደ 66.7 ኪሎ ምድብ ወጣ። ዊታከር እንደ ካማቾ ግራኝ ነው፤ ነገር ግን አይሸሽም። በጃብ (በፊተኛው እጅ በሚላክ ፈጣን ቀጥ ያለ ቡጢ) ያቆማል፣ ሲጠጉት ጎን ለጎን ይዞራል፣ በቅርብም ራሱ የአካል ቡጢ ይሰጣል። መንገድ የመዝጋቱ ጥበብ እዚህ ከሸፈ፤ ቻቬዝ እግሩን አስቀምጦ ቡጢ ሊልክ ሲል ዊታከር ቦታ ለቋል።

አንዱ ዳኛ 115 ለ113 ለዊታከር፣ ሁለቱ 115 ለ115 ሰጥተው አቻ ተባለ። አብዛኛው የስፖርት ጸሐፊ ዊታከር ተዘረፈ አለ፤ የእኛም አስተያየት ከዚያ አይርቅም። ቻቬዝን የሚወድ ሰው ይህን ግጥሚያ መዝለል የለበትም፤ የጥበቡን ድንበር የሚያሳየው ይህ ብቻ ነው። አምስት ወር ሳይሞላ፣ ጥር 1994 ላይ፣ ፍራንኪ ራንዳል ለመጀመሪያ ጊዜ ጥሎት ለመጀመሪያ ጊዜ አሸነፈው። በዚያ ምሽት ከቀበቶ በታች በመምታቱ ሁለት ነጥብ ተቀንሶበታል፤ የአካል ቡጢ የሚወድ ቦክሰኛ ሲዘገይ የሚገጥመው ችግር ይህ ነው፣ ተጋጣሚው ሲንቀሳቀስ ቡጢው ዝቅ ይላል።

ኦስካር ደ ላ ሆያ፣ ሰኔ 1996፣ ላስ ቬጋስ

ቻቬዝ 34 ሊሞላው ወር ቀርቶት፣ ደ ላ ሆያ 23 ዓመቱ። በመጀመሪያው ዙር የቻቬዝ ቅንድብ አካባቢ ተሰነጠቀ፣ በ4ኛው ዙር ተቋረጠ። እንደ ትውልድ ርክክብ ጥሩ ሰነድ ነው፤ እንደ ቻቬዝ መግቢያ ግን የሚጎዳ ምርጫ ነው። በሱስ ተይዞ እንደነበር ራሱ በአደባባይ ተናግሯል፤ ከዳነ በኋላም የሱስ ማገገሚያ ማዕከላት ከፍቷል። የኋለኞቹን ዓመታት ግጥሚያዎች የሚያይ ሰው ይህንንም ከግምት ያስገባ።

ማጠቃለያ ሠንጠረዥ

| ግጥሚያ | የቻቬዝ ዕድሜ | ምድብ በኪሎ | ርዝመት | የሚታየው ጥበብ | ውጤት |
|---|---|---|---|---|---|
| ሮዛሪዮ 1987 | 25 | 61.2 | 43 ደቂቃ ገደማ | እጅግ ብዙ፤ የጉበት ሁክ፣ የቅርብ ፍልሚያ | ድል በ11ኛው ዙር፣ አያከራክርም |
| ቴይለር 1990 | 27 | 63.5 | 47 ደቂቃ | መካከለኛ፤ ጽናትና ከባድ ቡጢ | ድል በ12ኛው ዙር፣ በጣም ያከራክራል |
| ካማቾ 1992 | 30 | 63.5 | 47 ደቂቃ | ብዙ፤ መንገድ መዝጋት | ድል በነጥብ፣ አያከራክርም |
| ሃውገን 1993 | 30 | 63.5 | 18 ደቂቃ ገደማ | ትንሽ | ድል በ5ኛው ዙር፣ አያከራክርም |
| ዊታከር 1993 | 31 | 66.7 | 47 ደቂቃ | የጥበቡ ድንበር | አቻ፣ ያከራክራል |
| ደ ላ ሆያ 1996 | 33 | 63.5 | 15 ደቂቃ ገደማ | የለም ማለት ይቻላል | ሽንፈት በ4ኛው ዙር፣ አያከራክርም |

ቅጂ ሲመርጡና ሲመለከቱ

ሙሉ ቅጂ መሆኑን በሰዓቱ ያረጋግጡ። 12 ዙር የሄደ ግጥሚያ ከ47 ደቂቃ ካነሰ ዕረፍቶቹ ወይም ዙሮቹ ተቆርጠዋል። ዕረፍቱ ሲቆረጥ የቴይለር ረዳቶች ከ12ኛው ዙር በፊት የመጨረሻውን ዙር ማሸነፍ አለብህ ብለው የነገሩትን አይሰሙም፤ ያ ምክር ደግሞ ቴይለር ለምን እንዳልሸሸ ያስረዳል።

ነጥብ ለመስጠት ካሰቡ ድምፁን ይዝጉት፤ ተንታኞች ሳያውቁት ዓይንዎን ይመራሉ። በእያንዳንዱ ዙር ለበላጩ 10፣ ለሌላው 9፣ ከወደቀ 8 ይጻፉ፤ ዙሩ እንዳለቀ ይጻፉ እንጂ ወደ ኋላ ተመልሰው አያርሙ። ሌላው ችግር ካሜራው ነው፦ ቻቬዝ ጀርባውን ሲሰጥ የጉበት ሁኩ አይታይም። በዚያን ጊዜ የተጋጣሚውን ቀኝ ክርን ይመልከቱ፤ ድንገት ወደ ታች ከተለጠፈ ቡጢው ገብቷል።

ለየትኛው ሰው የትኛው?

*አንድ ምሽት ብቻ ላለው ተመልካች፦* ሮዛሪዮ። ጊዜ ከተረፈ የቴይለርን ሙሉ ግጥሚያ ይጨምሩ፤ ቅደም ተከተሉን ግን አይገልብጡ።

*ለአማተር ቦክሰኛ፦* የሮዛሪዮ የመጀመሪያ ሦስት ዙሮች በግማሽ ፍጥነት፣ ደጋግመው። አማተር ግጥሚያ ሦስት ዙር ነው፤ በቴይለር ላይ እንዳደረገው ዘግይቶ የሚከፍል ሥራ በዚያ ጊዜ ውስጥ አይደርስም። ስለዚህ እርምጃውንና ክርን ማስነሳቱን ይውሰዱ፣ ዝግታውን ይተዉ። ቻቬዝን የሚኮርጁ ልጆች ሦስት ስህተት ይደጋግማሉ። ሁኩን ሲልኩ ቀኝ እጃቸው ስለሚወርድ የተጋጣሚው ግራ ሁክ ይገባባቸዋል። ጉልበት በማጠፍ ፋንታ ከወገብ ስለሚጎነበሱ አፐርከት (ከታች ወደ ላይ የሚመታ ቡጢ) ይቀበላቸዋል። ሳይረግጡ በክንድ ብቻ ስለሚመቱ ደግሞ ቡጢው ድምፅ እንጂ ክብደት የለውም። በከረጢት ላይ ሲለማመዱ ቡጢውን ትተው መጀመሪያ እርምጃዋን ብቻ፣ ቀጥሎ እርምጃና ጉልበት፣ በመጨረሻ ቡጢውን ይጨምሩ።

*ለአሰልጣኝ፦* ካማቾና ዊታከር ጥንድ ሆነው። ሁለቱም ግራኝ ናቸው፤ አንዱ ላይ የሠራው እግር ሌላው ላይ ለምን እንዳልሠራ ጎን ለጎን አድርጎ ማሳየት ሰሌዳ ላይ ከመሳል ይበልጣል። በአንድ ቀን ሁለቱን ሙሉ ማሳየት ያደክማል፤ ከእያንዳንዱ አራት ዙር ይበቃል።

*ታሪኩን ለሚፈልግ፦* ሃውገን፣ ከዚያ ደ ላ ሆያ። የካማቾ፣ የዊታከርና በ1994 የቴይለር ሁለተኛ ግጥሚያ ቀኖች በሙሉ በሜክሲኮ የነጻነት በዓል፣ መስከረም 16፣ አካባቢ መሆናቸውን ልብ ይበሉ። ዛሬ ሳውል «ካኔሎ» አልቫሬዝ በዚያው ወቅት ትልልቅ ግጥሚያዎቹን የሚያደርገው ቻቬዝ ባለመደው ገበያ ላይ ነው። ቻቬዝ ራሱ በ2011 ወደ ዓለም አቀፉ የቦክስ ዝነኞች አዳራሽ ሲገባ ማይክ ታይሰን አብሮት ገብቷል።

*ለተከራካሪ፦* ቴይለርንና ዊታከርን ድምፅ ዘግተው ነጥብ ይስጡ፤ የአንዱ ዳኝነት ለቻቬዝ አደላ የሚል ሰው ስለሌላውም ተመሳሳይ መመዘኛ እንዲጠቀም ይጠይቁት። ከ1994 በኋላ ያሉትን ሽንፈቶች ማስረጃ አድርጎ ለሚያመጣ ሰው ደግሞ ስድስቱም ሽንፈቶች የመጡት ከ13 ዓመት ያለ ሽንፈት ጉዞ በኋላ መሆኑን በቀን ያሳዩት፦ ራንዳል 1994፣ ደ ላ ሆያ 1996 እና 1998፣ ዊሊ ዋይዝ 1999፣ ኮስትያ ጹ 2000፣ ግሮቨር ዋይሊ 2005።